ወተት የጠጣ ካሳ አያገኝም

ሐምሌ 4 ቀን 2011 ዓ.ም.፣ አምቦ

ክብርት ሐኪሜ፣ ክብርት ባለቤቴ ወይዘሮ አመለሸጋ፣ በዕድሜና በማዕረግ ቅደም ተከተላችሁ መሠረት አልጋዬን የከበባችሁ ጎረቤቶችና ጠያቂዎች፣ በመጨረሻም በጀሶ ተጠቅልለህ ትራስ ላይ የተጋደምከው ቀኝ እግሬ፦ ሁላችሁም እንደምን ዋላችሁ።

የግል ማስታወሻ እንዲህ እንደማይከፈት አላጣሁትም። ነገር ግን በዞኑ አስተዳደር ባገለገልኩበት ዘመን ሁሉ፣ ከጡረታ በኋላም የከተማው ሽማግሌዎች ሰብሳቢ ሆኜ፣ የተገኙትን ሳላከብር አፌን ከፍቼ አላውቅም። ብዕሬም ከአፌ ተምሯል።

የሆነው ይህ ነው። ትናንት በምመራው የመንገድ ደኅንነት ግንዛቤ ኮሚቴ ስብሰባ ላይ፣ ግራና ቀኝ ሳናይ መንገድ እንዳንሻገር የሚያሳስብ ንግግር አደረግሁ። ጭብጨባው ሞቅ ያለ ነበር። ከአዳራሹ ወጥቼ አስፋልቱን ስሻገር ባጃጅ ገጨኝ። ቅልጥሜ ተሰብሯል። ባርኔጣዬ ደህና ነው።

ነጂው ኢብሳ ነው፤ በየማለዳው ወተት የምታመጣልን የአዴ ባየሽ ልጅ። እናቱንም የራሱን ቤትም በዚያች ሰማያዊ ባጃጅ የሚያስተዳድር ጎልማሳ ነው። አንሥቶ ሆስፒታል ያደረሰኝም በራሷ በገጨችኝ ባጃጅ ነው። መንገዱን ሙሉ «ማሎ፣ ኦቦ እንግዳወርቅ፣ ማሎ» እያለ ሲለምነኝ እኔ ነበርኩ የማጽናናው። ፊትህን ወደ መንገዱ አዙር ብዬ ሁለት ጊዜ ለምኜዋለሁ።

ሐምሌ 5

የትራፊክ ፖሊሱ ሳጅን ሞሲሳ ቃሌን ሊቀበል መጣ። ትሑት ሰው ነው፤ ባርኔጣውን ጉልበቱ ላይ አኖረ።

«ክቡር አቶ እንግዳወርቅ፣ አሽከርካሪው ክላክስ አድርጓል?»

«አድርጓል እንጂ! ኢብሳ ባየኝ ቁጥር ክላክስ ያደርግልኛል። ሰላምታ ሳይሰጠኝ አልፎ የማያውቅ ጨዋ ልጅ ነው።»

«ስለዚህ ሰላምታ ነው እንጂ ማስጠንቀቂያ አልነበረም።»

«ማስጠንቀቂያማ አልሰማሁም።»

ጻፈ፤ አነበበልኝ፤ ፈረምኩ። ስለ ልጁ ጨዋነት በመመስከሬ ደስ ብሎኝ ነበር። ሳጅኑ ከወጣ በኋላ ግን «ያለ ምንም ማስጠንቀቂያ» የምትለው አነጋገር አልጥም አለችኝ። ምክንያቱን ፈልጌ አላገኘሁትም።

ሐምሌ 7

ከሆስፒታል ወደ ቤቴ ተመለስኩ፤ ወሰኑም ከጊንጪ ገባ። የባለቤቴ ታናሽ ወንድም ነው። ከዓመታት በፊት የጭነት መኪና በር አመልካች ጣቱን ጨፍልቆበት ነበር፤ ከዚያ ወዲህ በቤተሰባችን ውስጥ የአካል ጉዳት ካሳ ሊቅ እርሱ ነው። ያችን ጣት እያነሣ ነው የሚያስተምረው።

ገና ካፖርቱን ሳያወልቅ ጠየቀ፦ «ጋሼ፣ የገጪው ወገን ለዚህ ቤት የሰጠው ነገር አለ?»

«አዴ ባየሽ ወተቷን አምጥታለች፤ እንደ ወትሮው» አለች አመለሸጋ።

«ጠጣችሁት?»

«ወተት ምን ይደረጋል ታዲያ? እንታጠብበት?»

ወሰኑ ወንበሩ ላይ ቁጭ አለ፤ እንደ ተረታ ሰው። «የበዳዩን እህል የቀመሰ ታርቋል። ዳኛው የመጀመሪያ ጥያቄው እሱ ነው። ወተት የጠጣ ካሳ አያገኝም!»

ሐምሌ 8

ወተት የለም። ሻይ በባዶው። አዴ ባየሽን አመለሸጋ ከበር መለሰቻት። «ለጊዜው ነው፣ አዴ» ስትላት ሰማሁ።

ሐምሌ 11

ወሰኑ ያወጣው ሕግ እየበዛ ነው። ዛሬ ደግሞ «ደህና ነኝ» ማለት ተከለከለ።

«ጋሼ፣ በምስክር ፊት ደህና ነኝ ያለ ሰው በምን አፉ ተጎዳሁ ይላል? የሚጠይቅህ ሁሉ ነገ ምስክር ነው።»

ሰላምታን እንዴት ያለዚያች ቃል እንደሚመልሱ አይቼው አላውቅም። ከሰዓት በኋላ የሰፈራችን ቀሲስ ሊጠይቁኝ መጡ። «እንደምን ዋልክ፣ ልጄ?» አሉ። ዝም ብዬ አየኋቸው። «እንደምን ነህ?» አሉ። ትንፋሼን ሳብኩ። «እግርህ እንዴት ነው?» ሲሉ ጨነቀኝና «እግዚአብሔር ይመስገን» አልኩ።

ከሄዱ በኋላ ወሰኑ እግዚአብሔርን ማመስገን ተሽሎኛል ማለት ነው፣ አይደለም በሚለው ላይ ረጅም ትንታኔ ሰጠ። በመጨረሻ ማመስገን እንዲፈቀድ ተስማማን፤ በለሰለሰ ድምፅና ዓይንን ከድኖ።

ሐምሌ 16

ዝናብ። የኢብሳ ባጃጅ ፖሊስ ግቢ ቆማለች አሉ። ሸራዋ ተቀዷል። እርሱ በእግሩ ይሄዳል፤ አንገቱን ደፍቶ።

አመለሸጋ በጓዳ ለጎረቤታችን ስትነግራት ሰማሁ፦ «መዝገቡ ወደ ዐቃቤ ሕግ ሊሄድ ነው። ክላክስ አላደረገም ተብሏል። ይታሰራል ይላሉ።»

አላደረገም አላልኩም። ለሰላምታ ነው ያደረገው አልኩ እንጂ። ልዩነቱ ግልጽ ነው።

ወሰኑን ጠየቅኩት። «ካላሳሰርክ ካሳ ከየት ይመጣል፣ ጋሼ? ካሳ እኮ ከእስር ቤት በር ነው የሚወጣው» አለኝ። ደረቅ ቂጣ በሻይ በልቼ ተኛሁ።

ሐምሌ 21

የዛሬውን ረጋ ብዬ ልጻፈው።

ከምሳ በኋላ ዝናቡ እንዳባራ፣ የኢብሳ ወገን የላካቸው ሽማግሌዎች እርጥብ ሣር ይዘው ከበራችን ቆሙ። በአገሩ ወግ የበደለ ወገን ሽማግሌ ይልካል፤ ሽማግሌዎቹ ሣር ጨብጠው ይለምናሉ፤ የተበደለው ቤት በመጀመሪያው ልመና እሺ አይልም። ወሰኑ «ሣሩ ግቢ ከገባ ክሱ ሞተ!» ብሎ በሩን በጀርባው ደገፈ። አመለሸጋ በክርኗ ገፋ አድርጋው ከፈተች። «የሽማግሌ እግር ጭቃ ላይ አቁሜ አላውቅም፤ ባንተ ጣት ምክንያት አልጀምርም» አለችው።

ፊት የቆመው ኦቦ ጋሮማ ነበር። ጋሮማ የወንጪ ሰው ነው፤ ስለ ፈረስ ከተነሣ ማንም አያክለውም፤ ስለ ንግግር ከተነሣ ግን ዝም ማለት ይወዳል። ለብዙ ዘመን አብረን ስንሸመግል ሣሩን የሚይዘው እርሱ፣ የሚናገረው እኔ ነኝ። ዛሬ ሣሩን እንደ ያዘ ጉሮሮውን ጠረገ።

«እንግዲህ…» አለ። ሰማዩን አየ። «እግር… ባጃጅ… እንግዲህ ሁላችንም ሰው ነን።»

በረንዳው ላይ ከተቀመጥኩበት አላስችል አለኝ። «ጋሮማ! በመጀመሪያ የቤቱን ጌታ አክብር እንጂ!»

«የቤቱ ጌታ አንተ አይደለህም እንዴ? ራስህን አክብር!» አለኝ። «ተናጋሪያችን እግሩ ተሰብሮ ተኝቶብን፣ እኛ በምን አፋችን እንናገር?»

እውነቱን ነው። ክራንቼን አንሥቼ ወረድኩ። በሽማግሌዎቹ መካከል፣ በጋሮማ ቀኝ፣ በለመድኩት ቦታ ቆምኩ። በረንዳው ላይ ወደ ቀረው ባዶ ወንበሬ ዞሬ፣ የተገኙትን በቅደም ተከተል ካከበርኩ በኋላ፣ ስለ ኢብሳ ለመንኩ። መንገድ የሁላችን እንደ ሆነች፣ የሰው እጅ ሁልጊዜ እንደ ልቡ እንደማይታዘዝ፣ ገጭቶ ያልሸሸ ሰው ግማሹን ይቅርታ በራሱ እግር ይዞ እንደመጣ ተናገርኩ። የእናቱን ስም ስጠራ አመለሸጋ በነጠላዋ ጫፍ ዓይኗን ጠረገች። ወሰኑ እንኳ ጣቱን ኪሱ ውስጥ ከተተ። በእኔ ግምት ካደረግኳቸው ልመናዎች ሁሉ የተዋጣ ነበር።

ከዚያ በክራንቼ ተመልሼ ወንበሬ ላይ ተቀመጥኩና እምቢ አልኩ።

ጋሮማ አፉን ከፍቶ ቀረ። «ያን ሁሉ ለምነህ እንዴት እምቢ ትላለህ?»

«የመጀመሪያ ቀን ነው። ወጉን አንተም ታውቀዋለህ።»

«ወጉንስ አውቃለሁ። ግን አሳምነኸኝ ነበር እኮ!»

ከሽማግሌዎቹ ኋላ ኢብሳ ቀና ብሎ አይቶኝ ነበር፤ እሺ ያልኩ መስሎት። መልሶ አቀረቀረ። አዴ ባየሽ ከአጥሩ ሥር ቆማለች። የወተት ጣሳዋ በነጠላዋ ውስጥ ነበር፤ ጎልቶ ይታያል። ይዛው ተመለሰች።

ወጉን በትክክል ፈጽሜያለሁ። ታዲያ ምን ያንገበግበኛል?

ሐምሌ 27

አመለሸጋ ዛሬ ወጣ ብላ የሆነ ነገር በነጠላዋ ይዛ ገባች። ብርጭቆ ሰጠችኝ። ወሰኑ ተኝቷል። አልጠየቅኋትም፤ አልነገረችኝም። ስጨርስ ከንፈሬን ራሷ ጠረገችልኝ፤ «ማስረጃ ነው» ብላ።

ነሐሴ 3

ሶረቲ መጣች። የሟች ወዳጄ ልጅ፣ የዚህ ከተማ ጠበቃ። አመለሸጋ ናት ያስጠራቻት፤ ወሰኑ ስለ ጥብቅና ክፍያ ማጉረምረም ሲጀምር ሶረቲ «ለአባቴ ወዳጅ በነፃ ነው» ብላ ዘጋችው።

ወሰኑ ሕጎቹን ሁሉ አነበነበላት፤ የወተቱን፣ የደህና ነኙን፣ የሣሩን፣ የእስር ቤቱን በር። ሳታቋርጥ ሰማችው። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች።

«አባባ፣ መጀመሪያ ወተትዎን ይጠጡ።»

አመለሸጋ ሳቀች። እኔ ጣሪያውን አየሁ።

«የኢብሳ መከሰስ ሌላ ነገር ነው፤ የእርስዎ ካሳ ሌላ ነገር» አለች ሶረቲ። «ባጃጁ የሦስተኛ ወገን ኢንሹራንስ አለው፤ ያ ኢንሹራንስ የተገባው እንደ እርስዎ ለተጎዳ ሰው ነው። ካሳ ለማግኘት ሰው ማሳሰር አያስፈልግም። የተሽከርካሪ ባለቤት ባያጠፋም እንኳ ተሽከርካሪው ላደረሰው ጉዳት ይጠየቃል። ይቅር ማለትዎ፣ እግዜርን ማመስገንዎ፣ የጎረቤት ወተት መጠጣትዎ መብትዎን አይወስድብዎትም። አንድ ነገር ብቻ፦ ሊያስፈርምዎ የሚመጣ ወረቀት ካለ፣ ሳያሳዩኝ አይፈርሙ።»

«ቁስሉ ሳይሽር ግን ክስ የለም» አለ ወሰኑ። «ይሄን እንኳ አትክጂም።»

«ሁለት ዓመት ነው ጊዜው፣ ጋሼ ወሰኑ። ከጉዳቱ ቀን ጀምሮ። ቁስሉ ቢሽርም ባይሽርም። የእርስዎስ ጣት ነገር እንዴት ሆነ?»

ወሰኑ ጣቱን አየ። ለመጀመሪያ ጊዜ እንደሚያያት ሰው። «በደንብ ይሻር ብዬ ነበር የምጠብቀው» አለ። «ሲበርድ እስካሁን ይቆረቁረኛል።»

ማንም አልሳቀም። አመለሸጋ ሻይ ደገመችለት፤ ስኳር ጨመር አድርጋ።

ሶረቲ ቀጠለች፦ «አባባ፣ እርስዎ ጥፋት ካለብዎት ደግሞ ካሳው ሊቀነስ ይችላል።»

«እኔ ምን ጥፋት አለብኝ?»

«የለብዎትም ይሆናል። አስፋልቱ መሐል ምን ሲያደርጉ ነበር?»

«ሰላምታ እየመለስኩ።»

«ለማን?»

«ለኢብሳ ነዋ። ክላክስ ሲያደርግልኝ ባርኔጣዬን አንሥቼ ቆምኩ። ሰው ሰላም ሲልህ እየተራመድክ አትመልስም፤ ነውር ነው።»

ልጅቱ ሳል ያዛት። ሻሿን አፏ ላይ አድርጋ ትከሻዋ እስኪንቀጠቀጥ ሳለች። ክረምቱ መጥፎ ነው፤ ዝንጅብል እንዲፈላላት አዘዝኩ። ሲለቃት፣ ሳጅን ሞሲሳን ዛሬውኑ አነጋግራለሁ ብላ ወጣች።

ነሐሴ 15

ጀሶው ተፈታ። እግሬ ቀጭን፣ ነጭና እንግዳ። ወሰኑ የጀሶውን ፍርፋሪ በከረጢት ሰበሰበ፤ «ለማንኛውም» ብሎ። አልከለከልኩትም፤ ሐዘኑ ገና አልወጣለትም።

ነሐሴ 24

ሌሊቱን እንቅልፍ የለም። ሶረቲ ያሳለችው ስለ ብርድ ላይሆን ይችላል። ይህን ሐሳብ ለጊዜው በይደር አቆየሁት።

ጳጉሜን 2

ዛሬ በሶረቲ ጥያቄ የአደጋው ፕላን እንደገና ተነሣ፤ የፊተኛውን ምልክት ዝናቡ አጥቦታል። ሳጅን ሞሲሳ ሜትርና ጠመኔ ይዞ ከአዳራሹ ፊት ለፊት ቆመ። ባጃጇ ለዚህ ጉዳይ ከፖሊስ ግቢ ተለቀቀች። ኢብሳ ከላይ በኩል ቀስ ብሎ እንዲመጣ፣ እኔ በከዘራዬ እንድሻገር ታዘዝን። ሊስትሮው፣ ሻይ ሻጯ፣ ከዩኒቨርሲቲ የወረዱ ተማሪዎች፣ ጋሮማ፣ አመለሸጋ፣ ወሰኑ፣ ሁሉም ቆመው ያያሉ።

«ክቡር አቶ እንግዳወርቅ፣ እንደዚያ ቀን ይሁኑ። ምንም አይጨምሩ፤ ምንም አይቀንሱ» አለኝ ሳጅኑ።

ግራ አየሁ። ቀኝ አየሁ። የኮሚቴ ሰብሳቢ እንደሚሻገር ተሻገርኩ። አስፋልቱ እኩሌታ ላይ ስደርስ ኢብሳ ክላክስ አደረገ፤ ሁለት ጊዜ፣ አጠር አጠር አድርጎ።

እጄ ወደ ባርኔጣዬ ሄደ። እግሬ ቆመ። ወደ ባጃጇ ዞርኩና «ኢብሳ ልጄ፣ አካም ቡልቴ? እናትህስ?» አልኩ።

ባጃጇ ክንድ በማትሞላ ርቀት ላይ ቆመች።

ከዚያ ሻይ ሻጯ ጮኸች፦ «ኧረ አባባ! ከመንገድ ይውረዱ ነው ያለዎት እንጂ እንደምን አደሩ አላለዎትም!»

ጋሮማ የመብራት ምሰሶ ይዞ መሳቅ ጀመረ። ሳጅን ሞሲሳ በጨዋነት ወደ ሌላ አየ። «አንድ ጊዜ እንድገመው፤ አጋጣሚ ሊሆን ይችላል» አለ።

ደገምነው። ክላክስ፤ ባርኔጣ፤ «እናትህስ?»

በሦስተኛው ሳጅኑ ባርኔጣዬን ራሱ ያዘልኝ። ክላክሱ ሲሰማ ባዶ እጄን ወደ ባዶ ራሴ ሰድጄ ጎንበስ ብዬ እጅ ነሣሁ። ተማሪዎቹ አጨበጨቡ። ኢብሳ መሪው ላይ ተደፍቶ ነበር፤ እያለቀሰ ይሁን እየሳቀ መለየት አልቻልኩም፤ እርሱም የቻለ አልመሰለኝም።

«ኦቦ እንግዳወርቅ» አለኝ ቀና ብሎ፤ «ያን ቀንም ይወርዳሉ ብዬ ነበር። ፍሬኑን ስይዝ አስፋልቱ እርጥብ ነበር።»

ቃሌ ተሻሻለ። አዲሱ እንዲህ ይላል፦ «አሽከርካሪው ክላክስ አድርጓል፤ የግል ተበዳይ በዚያን ጊዜ መልስ በመስጠት ላይ ነበሩ።» ደልደል ባለ እጅ ፈረምኩ። አነጋገሩ ክብሬን ጠብቋል፤ ሳጅኑን አመሰግናለሁ።

«ካሳው ቀነሰ» አለ ወሰኑ በሹክሹክታ።

«ይቀንስ» አለች አመለሸጋ። «ሰውየውን እስከ ዛሬ ባጃጅ አንድ ጊዜ ብቻ መግጨቱ ተአምር ነው።»

ጳጉሜን 5

ሶረቲ፦ ዐቃቤ ሕግ ኢብሳን አይከስም። ባጃጇ ተመለሰች። ኢንሹራንሱ በሂደት ላይ ነው፤ የሕክምናው አይቀርም አለች። ሳሏ ሙሉ በሙሉ ለቋታል።

ከሰዓት በኋላ ሽማግሌዎቹ ለሁለተኛ ጊዜ መጡ። ከወንበሬ ልነሣ ስል አመለሸጋ ትከሻዬን ያዘች። ጋሮማ ሣሩን ከፍ አደረገ። «እንግዳ፣ ባለፈው ያልከውን በሙሉ እኔ እንዳልኩት ቁጠርልኝ» አለ።

ከዚህ የተሻለ ንግግር ሰምቼ አላውቅም። እሺ አልኩ። ኢብሳ ጉልበቴን ሊስም ሲያጎነብስ፣ ደህናውን ሳም፤ የተሰበረውን እንዳትነካ አልኩት።

መስከረም 1 ቀን 2012 ዓ.ም.

ማለዳ አዴ ባየሽ በፊት ለፊት በር ገባች፤ ጣሳው በነጠላ አልተሸፈነም። «እንደምን አደሩ፣ ኦቦ?» አለችኝ።

«ደህና ነኝ» አልኳት። «ደህና ነኝ፤ እግዚአብሔር ይመስገን። ደህና ነኝ።» ሦስት ጊዜ፣ ዓይኔን ገልጬ።

ወሰኑ ሁለት ብርጭቆ ጠጣ። ነገ ወደ ጊንጪ ይመለሳል፤ ከረጢቱን ትቶልኝ።

ከኢብሳ ጋር አዲስ ስምምነት አድርገናል። ከእንግዲህ ሰላምታው በእጅ ነው፤ ክላክስ ለመንገድ ብቻ። ይህንኑ በመጪው የኮሚቴ ስብሰባ ላይ እንደ ምክረ ሐሳብ አቀርባለሁ፤ የሐሳቡን ምንጭ ሳልጠቅስ።

በዚህ አጋጣሚ፦ በዕድሜ ቀዳሚ ለሆነው ለኦቦ ጋሮማ፣ ለክብርት ባለቤቴ፣ ለሕግ ባለሙያዋ ለሶረቲ፣ ለሳጅን ሞሲሳና ለጠመኔው፣ ለወሰኑና ቀን ላለፈባት ጣቱ፣ ከሁሉም በላይ በጭቃ ቆማ ወተቷን ይዛ ለተመለሰችው እናት፣ ልባዊ ምስጋናዬን አቀርባለሁ። ዓመቱ ለአሽከርካሪዎች የሚይዝ ፍሬን፣ ለእግረኞች የሚለይ ጆሮ፣ ለእግሬም የተቃና የሥራ ዘመን እንዲሆን እመኛለሁ።

ይህን ስጽፍ ከውጭ ክላክስ ተሰማ። ቀና አልኩ፤ ኢብሳ ነው፣ መንገዱ መሐል የቆመች ላም እያባረረ።

ባርኔጣዬን አነሣሁ፤ ከመስኮቱ።